አክተር አይሞትም

እ.ኤ.አ. በ1938 የቬኒስ የፊልም ፌስቲቫል ሲዘጋ ትልቁን ሽልማት ሁለት ፊልሞች ወሰዱት። የሽልማቱ ስም «የሙሶሊኒ ዋንጫ» ይባል ነበር። አንዱ ጀርመናዊቷ ሌኒ ሪፈንሽታል ስለ በርሊን ኦሊምፒክ የሠራችው «ኦሊምፒያ» ነው። ሌላው «ሉቻኖ ሴራ፣ አብራሪው» የሚባል የጣሊያን ፊልም ነው። ውሳኔው ፈረንሳዮችን፣ እንግሊዞችንና አሜሪካኖችን አስቆጣ። ውድድሩ የጥበብ መሆኑ ቀርቶ የሁለት አምባገነኖች መሞጋገሻ ሆኗል አሉ። ፈረንሳዮች ከዚህ ቁጣ ተነስተው የራሳቸውን ፌስቲቫል አቀዱ፤ የመጀመሪያውን ለመስከረም 1939 እ.ኤ.አ. ቀጠሩት፣ ጦርነቱ ከለከላቸው፣ በ1946 ተሳካላቸው። ዛሬ ካን የምንለው ፌስቲቫል ይኸው ነው።

ይህ ታሪክ በሲኒማ መጻሕፍት ውስጥ ብዙ ጊዜ ይነገራል። ሲነገር ግን አንድ ነገር እንደዋዛ ይታለፋል፦ ሁለተኛው ፊልም በከፊል የተቀረፀው እዚህ፣ ኢትዮጵያ ውስጥ ነው። የታሪኩም መጨረሻ እዚህ ነው። ዋናው ሰው የሚሞተው በእኛ ምድር ላይ፣ ከእኛ ሰዎች ጋር ሲዋጋ ነው። ካን ለተባለው ፌስቲቫል መወለድ ምክንያት ከሆኑት ሁለት ፊልሞች በአንዱ ውስጥ እኛ አለን ማለት ነው። አለን፣ ግን እንዴት?

ፊልሙን ባጭሩ ልንገራችሁ። ሉቻኖ ሴራ በአንደኛው የዓለም ጦርነት የተዋጋ አብራሪ ነው። ጦርነቱ ሲያበቃ ሥራ የለም፣ ገንዘብ የለም፣ ትዳሩም ይፈርሳል፤ ልጁን ትቶ ወደ ደቡብ አሜሪካ ይሄዳል። እዚያ በአውሮፕላን ትርዒት እያሳየ ይኖራል። ውቅያኖስ አቋርጦ ለመብረር ሲሞክር ይጠፋል፤ ሞቷል ይባላል። ዓመታት አልፈው ኢትዮጵያ ውስጥ፣ በሌላ ስም፣ ከወራሪው ጦር ጋር ተሰልፎ እናገኘዋለን። ልጁ አድጎ እሱም አብራሪ ሆኗል። የኢትዮጵያ ተዋጊዎች ባቡር ያጠቃሉ፤ ልጁ ይቆስላል፤ አባትየው ራሱ ቆስሎ የልጁን አውሮፕላን አስነስቶ ያድነዋል፤ ከዚያ ይሞታል። አሜዴዎ ናዛሪ የተባለው ተዋናይ በዚህ ፊልም የጣሊያን ትልቅ ኮከብ ሆነ።

ኢትዮጵያውያኑ? ባቡሩን የሚያጠቁት ሰዎች ናቸው። በቃ።

አክተሩና ሌሎቹ

እንደ አጋሮ ባለ የቡና ከተማ ያደገ የእኔ ትውልድ ፊልምን የተማረው ቪዲዮ ቤት ነው። የቆርቆሮ ጣሪያ፣ አግዳሚ ወንበር፣ ከበር ላይ በጠመኔ የተጻፈ የፊልም ስም። እዚያ የሚሰጠው ትምህርት አጭር ነው፦ አክተር አይሞትም። ሃያ ሰው ቢተኩስበት አይሞትም። ከገደል ቢወረወር ቅርንጫፍ ይይዛል። ሌሎቹ ግን በአንድ ጥይት ሦስት ሦስት ሆነው ይወድቃሉ፣ ማንም ስማቸውን አይጠይቅም። አዲስ ሰው ገብቶ «አክተሩ ማነው?» ሲል ሁሉም ባንድ ድምፅ ያሳየዋል። አክተሩን የምንለየው በደግነቱ አልነበረም። ካሜራው የሚከተለው ሰው ነው አክተሩ።

ይህ ሕግ የተረቀቀው ከቪዲዮ ቤት በፊት ነው። እ.ኤ.አ. በ1914 «የፖሊን መከራዎች» የተሰኘ የአሜሪካ ፊልም በ20 ክፍሎች ወጣ። በየጊዜው ሲኒማ ቤት እየሄድክ አንድ አንድ ክፍል ታያለህ። ከዚያ በኋላ ተከታታይ ፊልም የሚባለው ንግድ ተስፋፋ፦ እያንዳንዱ ክፍል ሃያ ደቂቃ ገደማ፣ መጨረሻው ላይ ዋናው ሰው ሊሞት አንድ ሰከንድ ሲቀረው ይቆረጣል፣ «ይቀጥላል»። ሳምንት ቆይተህ ትመለሳለህ። ተመልካቹ እንደማይሞት ያውቃል፤ ቢሆንም ይመለሳል። ዛሬ የምናየው የተከታታይ ድራማ ሁሉ አያት ይኼ ነው።

አውሮፕላን ለዚህ ንግድ የተፈጠረ ይመስል ነበር። መውደቅ አለ፣ እሳት አለ፣ ጭጋግ አለ፣ የነዳጅ ማለቅ አለ። እ.ኤ.አ. በ1927 የወጣው «ክንፎች» የተባለ የአየር ውጊያ ፊልም የመጀመሪያውን የኦስካር ታላቅ ሽልማት ወሰደ። በ1934 ዩኒቨርሳል ኩባንያ «ቴልስፒን ቶሚ»ን በ12 ክፍል አወጣ። ታሪኩ በጋዜጣ ከሚታተም የሥዕል ተረክ የተወሰደ ነው፦ አውሮፕላን የሚወድ የትንሽ ከተማ ልጅ መካኒክ ይሆናል፣ ከዚያ አብራሪ ይሆናል።

የትንሽ ከተማ ልጅ፣ መካኒክ፣ ከዚያ አብራሪ። ልክ በዚያው ዘመን ቺካጎ ውስጥ ይህንን ሕይወት በእውነት የኖረ ሰው ነበር። ስሙ ጆን ሮቢንሰን ነው። ጥቁር ስለነበር ግን የሆሊውድ ተከታታይ ፊልም አክተር ሊያደርገው አይችልም ነበር። ጥቁሮች አብራሪ ሆነው የሚታዩበት ፊልም ከፈለጋችሁ ከሆሊውድ ውጭ መሄድ ነበረባችሁ፦ ሪቻርድ ኖርማን ፍሎሪዳ ውስጥ በ1926 የሠራው «በራሪው ጀግና» ተዋንያኑ ሁሉ ጥቁሮች ናቸው። ገንዘብ ስላልነበረ የበረራው ትዕይንት የተቀረፀው አውሮፕላኑ ከመሬት ሳይነሳ ነው። የመጀመሪያዋ ጥቁር አሜሪካዊት አብራሪ ቤሲ ኮልማን ስለ ሕይወቷ ፊልም እንዲሠራ ለዚሁ ሰው ጽፋለት ነበር። በዚያው በ1926 ከአውሮፕላን ወድቃ ሞተች፤ ፊልሙ አልተሠራም።

አየሩ ሳስቶ

እኛ ጋ አውሮፕላን የገባው ነሐሴ 12 ቀን 1921 ዓ.ም. ነው። አንድሬ ማዬ የተባለ ፈረንሳዊ ፖቴዝ 25 የተሰኘች ባለ ሁለት ደርብ ክንፍ አውሮፕላን ከጅቡቲ አስነስቶ አዲስ አበባ አሳረፈ። ከሁለት ሳምንት ተኩል በኋላ አንድ የጀርመን ዩንከርስ ተከተለ። ንጉሥ ተፈሪ ገና ንጉሠ ነገሥት ሳይባሉ አውሮፕላን ገዝተዋል ማለት ነው።

እዚህ ላይ ትንሽ ፊዚክስ ፍቀዱልኝ፤ ያለ እሱ የነገሩ ድፍረት አይገባንም። አዲስ አበባ ከባሕር ጠለል በላይ 2,400 ሜትር ገደማ ላይ ናት። እዚያ አየሩ ከባሕር ዳርቻው አየር በ20 በመቶ ያህል የሳሳ ነው። የዚያ ዘመን ሞተር ደግሞ የሚተነፍሰው ያገኘውን አየር ብቻ ነው፤ አየሩ ሲሳሳ ጉልበቱም አብሮ ይወርዳል። ክንፉም ያንኑ ክብደት ለመሸከም በበለጠ ፍጥነት መሮጥ አለበት። ስለዚህ ደካማ ሞተር፣ ረጅም መንደርደሪያ፣ ሲያርፍም ፈጣን። ለዚህ ሁሉ ያለህ ሜዳ በዝናብ የሚጨቀይ ሣር ነው። ካርታው ተራራውን በትክክል አያሳይም። ሬዲዮ የለም። ተከታታይ ፊልም ላይ አክተሩን ለማስጨነቅ የሚፈጥሩት ነገር ሁሉ እዚህ የዘወትር የሥራ ሁኔታ ነበር።

በዚህ ሁኔታ የመጀመሪያዎቹ ኢትዮጵያውያን አብራሪዎች ሠለጠኑ። እ.ኤ.አ. በ1930 ሚሽካ ባቢቼፍና አስፋው ዓሊ ለብቻቸው መብረር ጀመሩ። የሚሽካ አባት ሩሲያዊ መኮንን፣ እናቱ ኢትዮጵያዊት ናቸው። ከጥቂት ዓመታት በኋላ ሙሉእመቤት እምሩ የምትባል ወጣት ሴት የበረራ ትምህርት ጀመረች፤ የጣሊያን ወረራ አቋረጠባት።

ከባሕር ማዶም አንድ ሰው መጣ። ሁበርት ጁሊያን ይባላል፤ የትሪኒዳድ ተወላጅ ነው፣ ኒው ዮርክ ውስጥ በሐርለም ሰማይ ላይ በጃንጥላ በመውረድ የታወቀ፣ ጋዜጦች «የሐርለም ጥቁር ንስር» የሚሉት። በ1924 እ.ኤ.አ. «ኢትዮጵያ» ብሎ በሰየማት አውሮፕላን አትላንቲክን አቋርጬ አፍሪካ እገባለሁ ብሎ ተነስቶ ብዙም ሳይርቅ ኒው ዮርክ አጠገብ ውኃ ላይ ወደቀ። እንዲያም ሆኖ በ1930 አዲስ አበባ ተጋበዘ። በጃንጥላ ወርዶ ንጉሡን አስደሰተ፣ ዜግነትና የኮሎኔልነት ማዕረግ አገኘ። ጥቅምት 23 ቀን 1923 ዓ.ም. ለሚከበረው የንግሥ በዓል ዝግጅት ሲደረግ ግን የንጉሡን ትንሿን ጂፕሲ ሞዝ አስነስቶ ከሰከሳት። ከአገር ውጣ ተባለ። ጁሊያን ሲኒማ የተጣበቀበት ሰው ነበር፤ በኋላ፣ በ1939፣ የጥቁር አሜሪካውያን ፊልም አባት የሚባለው ኦስካር ሚሾ ከሠራቸው ፊልሞች በአንዱ አዘጋጅነት ስሙን አስገብቷል።

ሮቢንሰን ሌላ ዓይነት ሰው ነው። ያደገው በሚሲሲፒ ነው፤ ከተስኪጊ ኮሌጅ በመካኒክነት ተመርቋል። ቺካጎ ውስጥ አብራሪነት ሊማር ሲል ጥቁር አንቀበልም ያለውን ትምህርት ቤት በፅዳት ሠራተኝነት ገባበት፤ ወለል እየጠረገ ትምህርቱን አዳመጠ። ከጓደኛው ከኮርኔሊየስ ኮፊ ጋር የጥቁር አብራሪዎች ማኅበር መሠረተ። ጣሊያን ድንበር ላይ ጦር ስታከማች፣ በግንቦት 1927 ዓ.ም. አዲስ አበባ ደረሰ፤ ብዙም ሳይቆይ የአየር ኃይሉ አዛዥ ተባለ። ይህ አየር ኃይል ከሁለት ደርዘን ያነሱ አውሮፕላኖች ነበሩት፤ አብዛኞቹ መሣሪያ የላቸውም፣ የተወሰኑትም ከነጭራሹ አይነሱም። በሌላው ወገን በመቶዎች የሚቆጠሩ ነበሩ።

መስከረም 22 ቀን 1928 ዓ.ም. ጣሊያን አድዋን በአየር ስትደበድብ ሮቢንሰን እዚያው ነበር። ከዚያ በኋላ ባሉት ወራት ሥራው መተኮስ አልነበረም፤ የሚተኩስበት ነገር አልነበረውማ። መልእክትና መድኃኒት ከአዲስ አበባ ወደ ጦር ግንባር ያመላልስ ነበር፤ መደበቂያው ደመና ነው። በ1928 ዓ.ም. ግንቦት ወር አሜሪካ ሲመለስ ጥቁር አሜሪካውያን በሆታ ተቀበሉት። የእነሱ ጋዜጦች «ቡናማው ኮንዶር» እያሉ በየሳምንቱ ታሪኩን ሲከታተሉ ከርመዋል። ተከታታይ ፊልም ባይኖረውም ተከታታይ ጋዜጣ ነበረው።

ከላይ ሲታይ

አሁን ወደ ቬኒሱ ፊልም እንመለስ። የሥራው የበላይ ተቆጣጣሪ ቪቶሪዮ ሙሶሊኒ ነው፤ የዱቼው ወንድ ልጅ። ዳይሬክተሩ ጎፍሬዶ አሌሳንድሪኒ ነው። ስክሪፕቱ ላይ የሠራ አንድ ወጣት አለ፣ ሮቤርቶ ሮሴሊኒ፤ ከሰባት ዓመት በኋላ በ«ሮማ፣ ክፍት ከተማ» ፋሺዝምን የሚከስስ ፊልም ሠርቶ ዓለም የሚያውቀው ያው ሮሴሊኒ።

ቪቶሪዮ በፊልሙ ውስጥ የሚታየውን ነገር በወሬ አይደለም የሚያውቀው። በወረራው ጊዜ ከወንድሙ ከብሩኖ ጋር ቦምብ ጣይ አውሮፕላን ላይ ኢትዮጵያ ሰማይ ላይ ነበር። የእህታቸው ባል ጋሌያዞ ቻኖም «ላ ዲስፔራታ» የተባለውን የቦምብ ጣዮች ቡድን ይመራ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1937 ቪቶሪዮ «በአምባዎች ላይ በረራ» የሚል መጽሐፍ አሳተመ። መጽሐፉ ላይ ቦምብ መጣልን የሚያወራው እንደ ስፖርት ነው፤ ደስ ይል ነበር ይላል። ፈረሰኞች መሐል የወደቀ ቦምብን ከአበባ ጋር ያመሳስለዋል። እንግሊዛዊው ፈላስፋ በርትራንድ ራስል ይህንን መጽሐፍ ሰው ሥልጣንን ከላይ ሆኖ ሲያይ ምን እንደሚሆን ለማሳየት ጠቅሶታል።

በዚያው በ1937 መጸው ቪቶሪዮ ሆሊውድ ሄደ። ሎረልና ሃርዲን ለዓለም ካስተዋወቀው ከሃል ሮች ጋር የፊልም ኩባንያ ሊያቋቁም ነበር። ፋሺዝምን የሚጠሉ የሆሊውድ ሰዎች ተቃወሙ፣ ውሉ ፈረሰ፣ አገሩ ተመለሰ። በዓመቱ «ሉቻኖ ሴራ» ወጣ።

ቅደም ተከተሉን ልብ በሉ። መጀመሪያ ቦምብ፣ ቀጥሎ መጽሐፍ፣ ቀጥሎ ሆሊውድ፣ መጨረሻ ላይ ፊልም። አንዱ ሰው ከአውሮፕላኑ መስኮት ያየውን ነገር ወደ ካሜራ መስኮት አዛወረው፤ ከፍታው ሳይቀየር። ከዚያ ከፍታ ላይ ሰው ነጥብ ነው። ነጥብ ደግሞ ስም የለውም፣ እናት የለውም፣ ያ መሬት የኔ ነው አይልም። በፊልሙ ውስጥ ከታኅሣሥ 1928 ዓ.ም. ጀምሮ ከተከዜ ወዲህ ከአውሮፕላን የተረጨው የሰናፍጭ ጋዝ የለም። የጣሊያን መከላከያ ሚኒስቴር ጋዙን መጠቀማቸውን በይፋ ያመነው እ.ኤ.አ. በ1996 ነው፤ ከስልሳ ዓመት በኋላ። ፊልሙ ግን በሁለት ዓመት ውስጥ ደርሷል። ሐሰት የሚሮጠው እውነት ጫማውን ሲያስር ነው።

ቦናያ

ከዚህ በታች የምነግራችሁ ፊልም አይደለም።

ሚያዝያ 27 ቀን 1928 ዓ.ም. አዲስ አበባ በጣሊያን እጅ ወደቀች። ምዕራቡ ግን ገና አልተያዘም፤ ጎሬ ላይ ራስ እምሩ አሉ። ነቀምት ላይ ደጃዝማች ሀብተ ማርያም ገብረ እግዚአብሔር ከጣሊያኖች ጋር መልእክት ጀምረዋል። በሰኔ ወር ሦስት የጣሊያን አውሮፕላኖች ከአዲስ አበባ ተነስተው ከነቀምት አጠገብ ቦናያ ሜዳ ላይ አረፉ። የመጡት ሰዎች ተራ አይደሉም፦ የአየር ኃይሉ ጄኔራል ቪንቼንዞ ማልዮኮ፣ ኮሎኔል ካልዴሪኒ፣ አስተርጓሚና መንገድ መሪ የሆኑት ሚሲዮናዊ አባ ቦሬሎ፣ ሌሎችም። ከሌሎቹ አንዱ አንቶኒዮ ሎካቴሊ ነው።

ሎካቴሊ በጣሊያን ልጆች ዘንድ የታወቀ ጀግና ነበር። በአንደኛው የዓለም ጦርነት ከገጣሚው ዳኑንዚዮ ጋር ቪየና ድረስ በርሮ ቦምብ ሳይሆን ወረቀት የበተነው ቡድን አባል ነው። ጦርነቱ ሲያልቅ ወደ አርጀንቲና ሄደ፤ በ1919 እ.ኤ.አ. የአንዲስ ተራሮችን በአውሮፕላን አቋርጦ ቺሊ ገባ። በ1924 አትላንቲክን በሰሜን በኩል ለማቋረጥ ሲሞክር ግሪንላንድ አካባቢ ባሕር ላይ ወርዶ ጠፋ፤ ከቀናት ፍለጋ በኋላ አንድ የአሜሪካ የጦር መርከብ አገኘው። ከዚያ ወደ ኢትዮጵያ ጦርነት መጣ።

የጦርነት አብራሪ፣ ደቡብ አሜሪካ፣ ውቅያኖስ ላይ መጥፋት፣ ኢትዮጵያ። የሉቻኖ ሴራ ሕይወት አሁን ከነገርኳችሁ ከዚህ ሰው ሕይወት ጋር ምን ያህል እንደሚመሳሰል ለማየት መርማሪ መሆን አያስፈልግም።

ቦናያ አጠገብ ግን ሌሎች ሰዎችም ነበሩ። የሆለታ ጦር ትምህርት ቤት ገና በ1927 ዓ.ም. በስዊድን መኮንኖች የተከፈተ ነው፤ ተማሪዎቹ ትምህርታቸውን ሳይጨርሱ ጦርነቱ ደረሰባቸው። ከተማው ሲወድቅ የተወሰኑት ወደ ምዕራብ አፈገፈጉ። አብዛኞቹ ወጣቶች ናቸው፤ ይህን ከምታነቡት ከብዙዎቻችሁ በዕድሜ ያንሳሉ። ከእነሱ ጋር ከጣሊያን ጦር ከድተው የመጡ ኤርትራውያን ነበሩ። አውሮፕላኖቹ ማረፋቸውን ሰሙ። መድፍ የላቸውም፣ አውሮፕላን የላቸውም። ሌሊቱን ግን የሚጠቀምበት ሰው ካገኘ አውሮፕላን ከመሬት ላይ ምንም አይደለም፤ ሸራና ቤንዚን ነው።

ሰኔ 20 ቀን 1928 ዓ.ም. ሊነጋጋ ሲል ጣሊያኖቹ ካረፉበት ሜዳ ላይ ደረሱባቸው። አውሮፕላኖቹ ተቃጠሉ። ጄኔራሉ ተገደሉ፤ ሎካቴሊም ተገደለ። ከመጡት ውስጥ የተረፉት አባ ቦሬሎ ናቸው።

ሮም ሎካቴሊን በታላቅ ክብር አሰበች፤ የወርቅ ሜዳሊያ ተሰጠው፣ መንገዶች በስሙ ተጠሩ። አክተሩ ሞተ። ግን እኮ አክተር አይሞትም፤ ስለዚህ ሌላ ስም ሰጥተው፣ ልጅ ሰጥተው፣ ቆንጆ ተዋናይ ሰጥተው በሲኒማ አስነሱት ብል አጋነንክ አትበሉኝ። ስክሪፕቱ ከሎካቴሊ ሕይወት ተቀዳም አልተቀዳ፣ ያ ትውልድ በአእምሮው ይዞት የነበረው የጀግና ቅርፅ አንድ ነው። የወደቀበት ምድር ጨለማ መሆን ነበረበት፣ እሱ እንዲበራ።

እነዚያ ወጣቶችስ? በዶክተር ዓለምወርቅ በየነ፣ በእንግሊዝ አገር የእንስሳት ሕክምና በተማሩት ሰው፣ ሊቀመንበርነት «ጥቁር አንበሳ» የተባለውን ድርጅት አቋቋሙ። ተራ ሽፍታ እንዳይባሉ ደንብ ጻፉ፦ የፖለቲካው ሥልጣን ከጦሩ በላይ ነው፣ ገበሬ አይዘረፍም፣ ምርኮኛ አይንገላታም፣ መሪው አገር ጥሎ አይወጣም። ይህንን ስታነቡ እኔ የተሰማኝ ይሰማችኋል ብዬ አስባለሁ፤ ሰዎቹ አገር ፈርሶባቸው፣ ጫካ ውስጥ ተቀምጠው፣ ሕገ መንግሥት የሚመስል ነገር እየጻፉ ነው። ከራስ እምሩ ጋር ሆነው ወደ አዲስ አበባ ሊዘምቱ ሞከሩ፤ ከዚያ ወደ ደቡብ ምዕራብ ተገፉ። ታኅሣሥ 9 ቀን 1929 ዓ.ም. ጎጀብ ወንዝ ላይ ተከብበው ራስ እምሩ እጅ ሰጡ። ጎጀብ ማለት ከጅማ ወደ ቦንጋ ስትሄዱ የምትሻገሩት ወንዝ ነው። አውቶቡሱ ድልድዩን ሲያልፍ ማንም አንገቱን ቀና አያደርግም። ከሁለት ወር በኋላ፣ የካቲት 12 ግራዚያኒ ላይ ቦምብ ሲወረወር፣ ከተረፉት የሆለታ ልጆች ብዙዎቹ ተረሸኑ።

በቬኒሱ ፊልም ውስጥ «ባቡር የሚያጠቁት ሰዎች» እንግዲህ እነዚህን መሰል ሰዎች ናቸው። አንዱ ደንብ ጽፎ ያውቃል፤ አንዱ እንግሊዝ አገር ተምሯል፤ አንዱ ከአሥመራ ከድቶ መጥቷል። ፊልሙ ይህንን ለመደበቅ የተለየ ድካም አላስፈለገውም። ካሜራውን ወደ እነሱ አለማዞር በቂ ነበር።

ጅማ

ጣሊያን ጅማን የ«ጋላና ሲዳሞ» ግዛት ብላ ለጠራችው ሰፊ አገር ዋና ከተማ አደረገቻት። ዛሬም መሐል ከተማው ላይ የምታዩአቸው የዚያ ዘመን ሕንፃዎች ምስክር ናቸው። አውሮፕላን ማረፊያም ነበራት። ጦርነቱ ሲገለበጥ ጅማ ከመጨረሻዎቹ የጣሊያን ይዞታዎች አንዷ ነበረች፤ ነፃ የወጣችው በሰኔ 1933 ዓ.ም. ነው፣ ንጉሡ አዲስ አበባ ከገቡ ከአንድ ወር በኋላ።

ከዚያስ? ከዚያ በፊልም የማይታይ፣ ለእኔ ግን ከሁሉ የሚበልጠው ክፍል ይመጣል። ታኅሣሥ 1938 ዓ.ም. የኢትዮጵያ አየር መንገድ ተቋቋመ። የመጀመሪያዎቹ አምስት አውሮፕላኖች ሲ-47 የሚባሉ፣ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ወታደር ያመላለሱ፣ አሜሪካኖች ጦርነቱ ሲያልቅ የተረፏቸው ናቸው። መጋቢት 30 ቀን 1938 ዓ.ም. የመጀመሪያው በረራ በአሥመራ በኩል ካይሮ ሄደ። ብዙም ሳይቆይ ኤደንና ጅቡቲ ተጨመሩ፤ ከአገር ውስጥ ደግሞ ጅማ።

ለምን ጅማ? ያደገባት ሰው አይጠይቅም። ቡና ነዋ። ከጅማ አዲስ አበባ 350 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው፤ ክረምት ሲገባ ያ መንገድ ምን እንደሚመስል የጭነት መኪና ሾፌሮች ይንገሯችሁ። ከአጋሮ፣ ከሊሙ፣ ከጌራ የሚመጣ ቡና ጅማ ይሰበሰባል፤ ዋጋው ያለው ግን ሌላ ቦታ ነው። በእነዚያ አውሮፕላኖች ውስጥ የሸራ መቀመጫው በግድግዳው ልክ ተደርድሮ የሚታጠፍ ነበር፤ መሐሉ ለዕቃ ተለቅቋል፣ ዕቃው ከወለሉ ጋር በሰንሰለት ይታሰራል። ተሳፋሪውና ጭነቱ ፊት ለፊት እየተያዩ ይበርራሉ። ከሥር ያለው ምድር ያው ነው፣ ከፍታው ያው ነው፤ ከላይ ሆኖ የሚያየው ሰው ግን ከታች ዘመድ አለው።

ሮቢንሰን እ.ኤ.አ. በ1944 ተመልሶ መጥቶ ነበር፤ ወጣት ኢትዮጵያውያንን በረራ ሲያስተምር ኖረ። በመጋቢት 1946 ዓ.ም. አዲስ አበባ ላይ አውሮፕላኑ ወድቆ በደረሰበት ጉዳት ሞተ፤ የተቀበረውም እዚሁ ነው። ከሦስት ዓመት ገደማ በኋላ፣ በ1957 እ.ኤ.አ.፣ ካፒቴን ዓለማየሁ አበበ የአየር መንገዱ የመጀመሪያ ኢትዮጵያዊ አዛዥ አብራሪ ሆኑ፤ የያዙት ያችኑ ዓይነት አውሮፕላን ነበር።

አንድ አውሮፕላን ቀርቶኛል። በ1928 ዓ.ም. ጦርነቱ እየነደደ ሳለ፣ የንጉሡ አብራሪ የነበረው ጀርመናዊው ሉድቪግ ቬበር ከኢትዮጵያውያን ጋር ሆኖ አዲስ አበባ ላይ አንዲት ትንሽ አውሮፕላን ሠራ። 115 የፈረስ ጉልበት ያላት፣ ባለ አንድ ሞተር፣ «ኢትዮጵያ 1» የተባለች፤ በልዕልቲቱ ስም «ፀሐይ»። ተነሳች፣ በረረች። ጣሊያኖች ሲገቡ ወሰዷት፤ ሮም አጠገብ ባለ የአየር ኃይል ሙዚየም ለአሥርተ ዓመታት ተቀመጠች። በጥር 2016 ዓ.ም. ተመለሰች። በዜና ስትታይ ብዙ ሰው «እኛ አውሮፕላን ሠርተን ነበር እንዴ?» ብሎ ጠየቀ። ጥያቄው ሊያስቀን ይችላል፤ እኔን ግን አላሳቀኝም። ዕቃውን ወስደው ነበር፣ መለሱት። ታሪኩን የወሰደው ግን አንድም ሰው አልነበረም፤ እኛው ጋ ነበር፣ ያነሳው አጣ።

እኔ ጀግና ፍለጋ ላይ አይደለሁም። ጁሊያንን ሐውልት ሥሩለት አልልም፤ የንጉሡን አውሮፕላን የከሰከሰ ሰው ነው። የቦናያው ሌሊትም ንፁህ ታሪክ አይደለም፤ ደጃዝማች ሀብተ ማርያም ለምን ወደ ጣሊያን አዘነበሉ ብሎ መጠየቅ ሲጀመር፣ ከነቀምት ሆኖ ሲታይ ሸዋና ጎሬ ምን ይመስሉ እንደነበር መስማት የግድ ነው። መልሱ ለማንም አይመችም። «ሉቻኖ ሴራ» ይህንን ሁሉ መስማት አልፈለገም፤ ስለዚህ ነው ፕሮፓጋንዳ የሆነው። እኛም አንድ ቀን ፊልሙን በተራችን ስንሠራ አክተሩን ብቻ ከተከተልን፣ በሌላ ሰው ልጆች ላይ ያው ፊልም ይሆናል።

ክፍሎቹ ግን ተደርድረው አሉ። ከጅቡቲ የመጣችው ፖቴዝ። የተቋረጠባት ሙሉእመቤት። ወለል የጠረገው መካኒክ። ደመና ውስጥ የተደበቀው መድኃኒት። ቦናያ ላይ ሊነጋጋ ሲል። ጫካ ውስጥ የተጻፈው ደንብ። ጎጀብ። በቡና ጆንያ መሐል የተቀመጡት ተሳፋሪዎች። አሥራ ሁለት ክፍል ይወጣዋል፤ ከዚያም ይተርፋል።

አጋሮ ያለው ቪዲዮ ቤት ደጃፍ ላይ ያ ፊልም በጠመኔ ተጽፎ ቢሆን ኖሮ፣ ዘግይቶ የገባው ልጅ «አክተሩ ማነው?» ብሎ መጠየቁ አይቀርም ነበር። መልሱን ለመስጠት ትንሽ ያስቸግረን ነበር። ብዙ ናቸው፤ አብዛኞቹም ሞተዋል።